የሐረሩ ልጅ ገብረ ክርስቶስ፣ የሥዕል ካታሎግ እና የእኛ ከተማ ግድግዳዎች

ወዳጆቼ፣ በተለይ ተማሪዎቼ የነበራችሁ፣ ይሄ ረዘም ያለ ጽሑፍ ነው። የድሬ ሙቀት በረድ ሲል ማታ ላይ አንብቡት። ዓመቶቹን ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ነው የጻፍኩት፤ ከመጻሕፍቱ ጋር ማመሳከር ለሚፈልግ እንዲቀል ብዬ ነው።

ክፍል ገብቼ «ገብረ ክርስቶስ ደስታ ማነው?» ብዬ ስጠይቅ ብዙ እጅ ይወጣል። «ገጣሚ ነው ቲቸር!» ይሉኛል። ትክክል ነው። «ሀገሬ» የሚለውን ግጥሙን በአማርኛ ክፍለ ጊዜ ሳይሰማ ያለፈ ተማሪ ማግኘት ይከብዳል። «እሺ፣ ከሥዕሎቹ የአንዱን ስም ንገሩኝ» ስል ግን ክፍሉ ጭጭ ይላል። የሚገርመው ነገር ሰውየው ዋና ሙያው ሥዕል ነበር። ሥዕል ተምሮ፣ ሥዕል አስተምሮ፣ በሥዕል ተሸልሞ ያለፈ ሰው ነው። ደግሞም ሩቅ አገር የተወለደ አይደለም። በ1932 ሐረር ነው የተወለደው። ከከዚራ ሚኒባስ ብንይዝ አንድ ሰዓት አካባቢ የሚፈጅ መንገድ ነው። የጎረቤት ልጅ ነው አቦ!

ታዲያ ግጥሙ ደርሶን ሥዕሉ ለምን አልደረሰንም?

እኔ የደረስኩበት መልስ ቀላል ነው። ግጥም በቃል ይያዛል፣ በደብተር ይገለበጣል፣ በሬዲዮ ይነበባል። ሥዕል ግን አንድ ግድግዳ ላይ ነው የሚሰቀለው። ያንን ግድግዳ ያላየ ሰው ሥዕሉን የሚያገኘው በአንድ መንገድ ብቻ ነው፦ አንድ ሰው ፎቶ አንስቶት፣ ለክቶት፣ ታሪኩን ጽፎ በመጽሐፍ ካሳተመው። የዛሬው ጽሑፌ ስለዚህ ዓይነት መጽሐፍ ነው። ስለ አንድ ሠዓሊ የሚታተም መጽሐፍ፣ ወይም ኤግዚቢሽን ሲከፈት አብሮ የሚወጣው ካታሎግ።

ካታሎግ ምን ይሠራል?

ካታሎግ ሲባል የዕቃ ዋጋ ዝርዝር የሚመስላቸው አሉ። የሥዕል ካታሎግ ሌላ ነገር ነው። ለእያንዳንዱ ሥዕል ጥቂት መስመር ይሰጠዋል፦ የሠዓሊው ስም፣ የሥዕሉ ርዕስ፣ የተሠራበት ዓመት፣ በምን ላይ በምን ቀለም እንደተሠራ፣ ቁመቱና ወርዱ፣ አሁን በማን እጅ እንዳለ። ከዚያ ስለ ሠዓሊው ሕይወትና ስለ ሥራው የተጻፈ ጽሑፍ ይከተላል።

አንድ ምሳሌ ልስጥ። እስክንድር ቦጎስያን «የጁጁ ሠርግ» የሚባል ሥዕል አለው። መዝገቡ ላይ እንዲህ ይላል፦ 1964፣ ቴምፐራና የብረትነት ያለው ቀለም፣ በተቆረጠና በተቀደደ ካርቶን ላይ፤ ባለቤቱ ኒው ዮርክ የሚገኘው የዘመናዊ ጥበብ ሙዚየም። ሁለት መስመር ናት። ግን ስንት ነገር ትነግረናለች! እስክንድር የተወለደው አዲስ አበባ በ1937 ስለሆነ ሥዕሉን ሲሠራ ገና በሃያዎቹ ዕድሜ ላይ ነበር። ያኔ ፓሪስ ነበር የሚኖረው። ሸራ ወጥሮ አልሣለም፤ ካርቶን ቀዶ ነው የሠራው። ሙዚየሙ ሥዕሉን የገዛው በ1965፣ በተሠራ በዓመቱ ነው። ታሪክ አስተማሪ ነኝና ልናገር፦ ይቺ ሁለት መስመር ለእኔ እንደ አንድ የታሪክ ሰነድ ናት። ዓመቱ ባይጻፍ ኖሮ «መቼ ሠራው? ከአገሩ ሳይወጣ ነው ወይስ ከወጣ በኋላ? ማን ማንን ቀደመ?» እያልን ስንከራከር እንኖር ነበር።

ገብረ ክርስቶስ፦ ከሥዕሉ እስከ መጽሐፉ 43 ዓመት

አሁን ወደ ሐረሩ ልጅ እንመለስ። አባቱ አለቃ ደስታ ነገዎ የቤተ ክህነት ሰው ነበሩ፤ የብራና መጻሕፍትንም በሥዕል ያስጌጡ ነበር። ልጁ ሥዕልን መጀመሪያ ያየው ቤቱ ውስጥ ነው ማለት ነው። በ1957 ወደ ጀርመን ሄዶ ኮሎኝ በሚገኘው የሥነ ጥበብ አካዳሚ ተማረ። በ1962 ተመልሶ አዲስ አበባ በሚገኘው የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት ማስተማር ጀመረ። ትምህርት ቤቱን ቺካጎ ተምረው የተመለሱት አለ ፈለገ ሰላም በ1958 ነው የከፈቱት፤ ዛሬ በስማቸው የሚጠራው ነው።

ገብረ ክርስቶስ ይዞት የመጣው ረቂቅ ሥዕል፣ አብስትራክት የሚባለው፣ ለአዲስ አበባ ተመልካች እንግዳ ነገር ነበር። ቅዱሳንን፣ ነገሥታትን፣ ጦርነትን በግልጽ ማየት የለመደ ዓይን ቀለምና ቅርጽ ብቻ ሲቀርብለት «ይሄ ምን ማለት ነው?» ቢል አይፈረድበትም። ክርክሩ ጦፈ። «ጎልጎታ» የሚለውን ታዋቂ ሥዕሉን የሠራው በ1963 ነው። በ1965 ደግሞ የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴን ሽልማት በሥነ ጥበብ አገኘ። ማለትም በአገሩ ያልታወቀ ሰው አልነበረም። ገጣሚው ሰሎሞን ዴሬሳ በመጽሔት ጽፎለታል። ሲድኒ ሄድ የሚባል አሜሪካዊ ያደረገለት ቃለ ምልልስም በ1969 «አፍሪካን አርትስ» በሚባል መጽሔት ላይ ወጥቷል።

መጽሔት ግን መጽሔት ነው። ወሩ ሲያልፍ ሱቅ ውስጥ የስኳር መጠቅለያ ይሆናል። መጽሐፍ አልታተመም። ከዚያ አብዮቱ መጣ። ገብረ ክርስቶስ በ1979 በኬንያ በኩል ከአገር ወጣ። ጀርመን ደረሰ፣ ከዚያ አሜሪካ ገባ። በ1981 ኦክላሆማ ውስጥ ላውተን በምትባል ከተማ፣ ሃምሳ ዓመት ሳይሞላው አረፈ። ከአገር የሚሸሽ ሰው ግጥም በኪሱ ወይም በጭንቅላቱ ይዞ መውጣት ይችላል፤ ትልልቅ ሥዕሎችን ግን ይዞ ሊወጣ አይችልም። ሥራዎቹ በየቦታው ቀሩ።

ስለ እሱ «ሠዓሊውና ገጣሚው» በሚል ይዘት የተዘጋጀው የእንግሊዝኛ መጽሐፍ በዶ/ር ኤልሳቤጥ ወልደጊዮርጊስ አርታኢነት፣ በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋም በኩል የታተመው በ2006 ነው። ቁጥሩን እንሥራው። ከሞተ 25 ዓመት፣ «ጎልጎታ»ን ከሠራ 43 ዓመት። አብዮቱ ሲፈነዳ የ18 ዓመት ወጣት የነበረ ሰው መጽሐፉ ሲወጣ 50 ዓመቱ ነው። በመሀል አንድ ሙሉ ትውልድ ሥዕሉን ሳያይ ተምሮ፣ ተመርቆ፣ ልጆች ወልዷል። እኛን ያስተማሩን መምህራን ከዚያ ትውልድ ናቸው። እኛ ደግሞ ያላየነውን ማስተማር አልቻልንም። ክፍሌ ጭጭ የሚለው ለዚህ ነው። ልጆቹ ሰንፈው አይደለም።

ግጥሞቹም ቢሆኑ «መንገድ ስጡኝ ሰፊ» ተብለው በአንድ ጥራዝ የተሰበሰቡት እሱ ካለፈ በኋላ ነው። በኋላም ጀርመን የቀሩ ሥዕሎቹ ተመልሰው ዛሬ በስሙ በሚጠራው በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የዘመናዊ ጥበብ ሙዚየም ውስጥ ይገኛሉ። አዲስ አበባ የምትሄዱ ልጆች፣ እባካችሁ አንድ ቀን ግቡና እዩ። ወደ መርካቶ ስትሮጡ ጊዜው አይለቅባችሁ።

አፈወርቅ ተክሌና የሐረሩ ሐውልት

የዓለም ሎሬት አፈወርቅ ተክሌ በዚህ በኩል ሌላ ሰው ነበሩ። አንኮበር የተወለዱት በ1932 ነው፤ ከገብረ ክርስቶስ ጋር እኩያ ናቸው። በ1947 ወደ እንግሊዝ የተላኩት የማዕድን ምህንድስና ሊማሩ ነበር፤ ሥዕል ተምረው መጡ። አዲስ አበባ አፍሪካ አዳራሽ ውስጥ ያለው 150 ካሬ ሜትር የባለቀለም መስታወት ሥራ የእሳቸው ነው። እሳቸው ሥራቸውን መሰነድ ያውቁበት ነበር። በሕይወት እያሉ፣ በቀለም የተጌጡ መጻሕፍት ታትመውላቸዋል፤ አንዱን ያዘጋጁት የታሪክ ተመራማሪው ሪቻርድ ፓንክረስት ናቸው። አንዳንድ ሰው «ራሳቸውን ይወዱ ነበር» ይላል። ይበል። መጽሐፉ ግን አለ፤ ሥራቸውን ማጥናት የሚፈልግ ተማሪ የሚጀምርበት ገጽ አለው።

ይሄ ለምን እንደሚጠቅም የሚያሳይ ነገር እዚሁ ቅርባችን ሆኗል። ሐረር አደባባይ ላይ በፈረስ ተቀምጦ ይታይ የነበረው የራስ መኰንን ሐውልት የአፈወርቅ ሥራ ነበር። ብዙዎቻችን ሥሩ ፎቶ ተነስተናል። በ2020 ክረምት ፈረሰ። ስለ ፖለቲካው ዛሬ አልገባም፤ እሱ ራሱን የቻለ ጽሑፍ ይፈልጋል። እንደ ታሪክ አስተማሪ የምለው ይቺን ብቻ ነው፦ ደግፈህም ሆነ ተቃውመህ ስለ አንድ ሥራ ለመከራከር መጀመሪያ ሥራው ምን ይመስል እንደነበር ማወቅ አለብህ። ነሐስም ድንጋይም ይፈርሳል። ከፈረሰ በኋላ የሚቀረን ፎቶውና የተጻፈው ነው።

እስክንድርና ሌሎቹ፦ ታሪካችን በሰው አገር ሲታተም

እስክንድር ከፓሪስ በ1966 ተመልሶ ለጥቂት ዓመታት አዲስ አበባ አስተማረ። በ1967 እሱም የኃይለ ሥላሴን ሽልማት ወሰደ። ከዚያ አሜሪካ ሄደና ዋሽንግተን በሚገኘው ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ከ1972 ጀምሮ ለሠላሳ ዓመት ገደማ አስተማረ። ስለ እሱ የተጻፈው ብዙው ነገር ያለው በመጽሔቶችና ከሌሎች ጋር በተካተተባቸው ካታሎጎች ውስጥ ነው። በ2003 የስሚዝሶኒያን የአፍሪካ ጥበብ ሙዚየም በውጭ የሚኖሩ ኢትዮጵያውያን ሠዓሊዎችን ሥራ ሲያሳይ ካታሎግ አብሮ ወጣ፤ እስክንድርም ውስጡ ነበረ። ኤግዚቢሽኑ በተከፈተበት ሰሞን፣ ግንቦት 2003 እስክንድር አረፈ።

ሌላም ልጨምር። በ1989 ስዊዘርላንድ፣ ዙሪክ ዩኒቨርሲቲ ሙዚየም ውስጥ የሦስት ኢትዮጵያውያን ሥራ ታየ፦ ዘሪሁን የትምጌታ፣ ግርማይ ሕይወትና ወርቁ ጎሹ። ኤልሳቤጥ ቢያዚዮ ያዘጋጀችው ካታሎግ ታተመ። ከሦስት ዓመት በኋላ፣ በ1992፣ ዘሪሁን በዳካር ቢየናሌ ትልቁን ሽልማት አሸነፈ። ዘሪሁን የቀርከሃ ዘንግ አጠገብ ለአጠገብ ገጥሞ የጠልሰምና የቤተ ክርስቲያን ሥዕልን መንፈስ ይዞ የሚሥል ነው። የእኛ የሆነው ነገር ሁሉ ሥራው ላይ አለ። ዋናውን መጽሐፍ ማንበብ ከፈለግህ ግን ዙሪክ የታተመውን ነው የምትፈልገው። በ2007 ደግሞ የሦስት ትውልድ ኢትዮጵያውያን ሠዓሊዎችን ሥራ የያዘ ትልቅ ካታሎግ ወጣ። የት? ፍሎሪዳ፤ ርብቃ ናጊና የራሳችን ሰው አቻምየለህ ደበላ ናቸው ያዘጋጁት።

የቅርቦቹንም ብናይ መንገዱ ያው ነው። ጁሊ ምሕረቱ በ1970 አዲስ አበባ ተወልዳ በልጅነቷ፣ በ1977፣ አሜሪካ ገባች። የሎስ አንጀለስና የኒው ዮርክ ሙዚየሞች ሥራዋን ሰብስበው ሲያሳዩ በ2019 የወጣው ካታሎግ ትራስ የሚያክል ነው። ኤልያስ ስሜ ደግሞ አዲስ አበባ ሆኖ የሚሠራ ነው፤ የተጣለ የኤሌክትሪክ ሽቦና የኮምፒውተር ሰሌዳ ገጣጥሞ ግድግዳ የሚያህል ሥራ ይሠራል። ታይዋን ገበያ ያደገ የድሬ ልጅ ዕቃዎቹን አንድ በአንድ በስም ይጠራቸዋል። የኤልያስም ትልቁ ካታሎግ በ2019 የታተመው አሜሪካ ነው።

ይሄን ሁሉ የምዘረዝረው ፈረንጅ ለመውቀስ አይደለም። እንዲያውም ባይጽፉት ኖሮ ባዶ እጃችንን ነበርን። ምክንያቱን ግን ማወቅ ጥሩ ነው። በድሮው አሠራር አንድ ባለቀለም ገጽ ለማተም ሥዕሉ በጥሩ ፊልም ይነሳል፣ ከዚያ ለአራት ቀለም አራት ፕሌት ይሠራለታል። ወረቀቱም የተለየ ነው። ውድ ነው። ውጭ አገር ይሄን የሚከፍል ሙዚየም አለ፤ ሥራው ይሄ ብቻ የሆነ ባለሙያም አለ። እኛ አገር ኤግዚቢሽን ሲከፈት የሚታደለው ታጣፊ ብሮሹር ነው። የሥዕሎቹ ስምና አንዳንዴም ዋጋቸው ይጻፍበታል፣ የመክፈቻው ዕለት ይነበባል፣ በማግሥቱ ይጠፋል። ደስታ ሐጎስ በ1960ዎቹ መጨረሻ፣ ለብቻቸው ኤግዚቢሽን ካሳዩ ሴቶች የመጀመሪያዋ ተብለው የሚጠቀሱ ሠዓሊ ናቸው። የዚያን ዘመን ብሮሹር ቤቱ ያስቀመጠ ሰው ካለ የታሪክ ሰነድ ነው የያዘው።

የውጭ ካታሎግ ሌላም ችግር አለው። የሚጽፈው ለራሱ አንባቢ ነው። «ጠልሰም ምንድነው፣ ፊደል ምንድነው» እያለ ገጹን ይጨርሳል። እኛ የምንጠይቀውን አይጠይቅም፦ ማን አስተማረው? ቤቱ የት ነበር? ማን ገዛው? ሰፈሩ ምን አለው? እነዚህን መጠየቅ የሚችለው የአገሩ ሰው ነው፣ በአገሩ ቋንቋ። ዶ/ር ኤልሳቤጥ በ2019 ስለ ኢትዮጵያ ዘመናዊ ሥነ ጥበብ ያሳተሙት መጽሐፍ ያንን በር ከፍቷል። እሱም በእንግሊዝኛ ነው። አስተርጓሚ ያለህ!

ወደ ከዚራ

«ቲቸር፣ ይሄ ሁሉ የአዲስ አበባና የዋሽንግተን ወሬ ነው፤ እኛን ምን አገናኘን?» የሚል አይጠፋም። አገናኝቶናል።

ከከተማችን ጥቂት ኪሎ ሜትር ርቆ ፖርክ ኤፒክ የሚባል ዋሻ አለ፤ በፈረንሳይኛ ጃርት ማለት ነው። ተመራማሪዎች እዚያ የሰበሰቡትን ቀይና ቢጫ የቀለም አፈር አጥንተው በ2017 አሳትመዋል። 4,213 ቁራጭ፣ በአጠቃላይ 40 ኪሎ ግራም፣ ዕድሜው 40,000 ዓመት አካባቢ። የተፈጨ፣ የተፋቀ ቀለም ነው። የዛሬ 40,000 ዓመት እዚህ አጠገባችን ቀለም የሚፈጭ ሰው ነበር ማለት ነው። ቁጥሩን ልብ በሉልኝ፦ 4,213። አንድ ሰው ቁጭ ብሎ እያንዳንዷን ቁራጭ ስለቆጠረና ስለመዘነ ነው ይሄን ማለት የቻልኩት። የዛሬ አርባ ዓመት ከዚራ ውስጥ የተሣለን ሥዕል ግን ማን ቆጠረው?

ባለፈው ክረምት የገጠመኝን ልንገራችሁ። ከዚራ ውስጥ የሱቅ ታፔላና የቡና ቤት ግድግዳ ሲሥሉ የኖሩ አንድ ጋሼ ነበሩ፤ አርፈዋል። ልጆቻቸው አንዱ ጅቡቲ፣ አንዷ አዲስ አበባ ናቸው። ቤቱ ሊለቀቅ ነው። ሰውየው ማታ ማታ ለራሳቸው ይሥሉ ኖሮ ጓዳ ውስጥ ተደራርበው የቆሙ ሥዕሎች ተገኙ። ልጃቸው «ወንድሜ፣ ለማን ልስጠው? ብጥለው ይቆጨኛል፣ ብወስደው ቦታ የለኝም» አለችኝ። አምስት ተማሪዎች ይዤ ሄድኩ። የልብስ ሰፊ ሜትር፣ ስልክና አንድ ደብተር ብቻ ነበር የያዝነው። 23 ሥዕል ቆጠርን። ቀንና ፊርማ የነበራቸው 9 ብቻ ናቸው። የቀሩትን ዘመን ለመገመት ጎረቤት ጠየቅን። አንዱ ሥዕል ላይ ለገሐር ፊት ለፊት ትልቅ ዛፍ አለ። አንዲት እናት መጥተው አዩና «ይሄ ዛፍ እኮ እኔ ሳገባ ተቆርጧል» አሉ። እሳቸው ያገቡበትን ዓመት ስንጠይቅ ሥዕሉ ከዚያ ቀደም ያለ መሆኑ ታወቀ። ታሪክ የሚሠራው እንዲህ ነው። ተማሪዎቼ ያን ቀን የተማሩትን እኔ በአንድ ሴሚስተር ጥቁር ሰሌዳ ላይ አላስተምራቸውም።

ከዚያ ፎቶ ኮፒ ቤት ወስደን 14 ገጽ አሳተምን፤ በስቴፕለር ያዝነው። ጥቁርና ነጭ ነው፣ አያምርም። ግን ስም አለው፣ ቁጥር አለው፣ ልኬት አለው። ልጃቸው ሥዕሎቹን ለአራት ዘመድ አካፍላ ነው የሄደችው። የትኛው ማን ጋ እንዳለ መጨረሻው ገጽ ላይ ጽፈናል። ነገ አንድ ሰው ስለ ድሬዳዋ ሠዓሊዎች መጽሐፍ ልጻፍ ቢል የሚነሳበት 14 ገጽ አለው።

የምለምናችሁ

አያታችሁ፣ አጎታችሁ፣ የሰፈራችሁ ታፔላ ጸሐፊ፣ የቤተ ክርስቲያን ሠዓሊ፣ መገላ ውስጥ ግድግዳ የምታስጌጥ እናት፣ ማንም ይሁኑ፣ የሣሉት ነገር ቤታችሁ ካለ ይሄን አድርጉ፦

1. ሥዕሉን በቀን ብርሃን፣ ፍላሽ ሳትጠቀሙ፣ ፊት ለፊት ቆማችሁ ፎቶ አንሱት። ጀርባውንም አንሱ፤ ብዙ ጊዜ ጽሑፍ ያለው ጀርባው ላይ ነው።
2. ቁመትና ወርዱን በሴንቲ ሜትር ለኩ።
3. በምን ላይ እንደተሠራ ጻፉ፦ ሸራ፣ ጣውላ፣ ቆዳ፣ ካርቶን፣ አቡጀዴ።
4. ማን፣ መቼ፣ ለማን እንደሠራው ጠይቁ። እርግጠኛ ያልሆናችሁበት ላይ «በግምት» ብላችሁ ጻፉ።
5. የነገራችሁን ሰውና የጠየቃችሁበትን ቀን ጻፉ።
6. አንዱን ቅጂ ከስልካችሁ ውጪ፣ ወረቀት ላይ አስቀምጡ። ስልክ ይሰረቃል፣ ውሃ ይገባዋል።

ሠዓሊው በሕይወት ካሉ ደግሞ ነገ ዛሬ አትበሉ፤ ከእሳቸው ከራሳቸው አፍ ስሙ። ለገብረ ክርስቶስ 25 ዓመት ዘግይተናል። ለሰፈራችን ሰው የምንዘገይበት ምክንያት የለም፤ ሜትሩ አንድ ቤት ከልብስ ሰፊው ጋ አለ።

የድሬዳዋና የሐረር ልጆች፣ ጅቡቲም አሜሪካም ያላችሁ፣ የቆየ የኤግዚቢሽን ብሮሹር፣ የመጥሪያ ካርድ፣ የሥዕል ፎቶ እጃችሁ ላይ ካለ በውስጥ መስመር ላኩልኝ። ተማሪዎቼ ሁለተኛውን ደብተር ጀምረዋል፤ እስካሁን ሦስት ገጽ ሞልተዋል።